የድሮ የፈረንሳይ የግብርና ፊልሞች ውስጥ ያለውን ታሪክ (ስክሪፕቱን) ማን ነበር ሚጽፈው? ማሪ ኤፕስታይንን ሚያውቅ አለ?

ሰብለ፦

ሰላም ለሁላችሁ። ጥያቄዬ ትንሽ ረዘም ይላል ታገሱኝ። ስራዬ ለገበሬ ሚታዩ አጫጭር ቪዲዮዎች ስክሪፕት መጻፍ ነው፣ ስምንት ደቂቃ አስር ደቂቃ ሚሆኑ፣ ኮምፖስት አዘገጃጀት፣ የወተት ንጽህና፣ ጤፍ በመስመር መዝራት ምናምን። ባለፈው ወር ስለ ጤፍ አንድ ጻፍኩ። አንዲት እናት አሉ፣ ባላቸው ከአባቴ የወረስኩት ብተና ነው ከሱ ውጪ አልዘራም ብሎ አስቸግሯቸዋል። እሳቸው የሃይላንድ ክዳን በምስማር በስተው፣ ዘሩን ከአሸዋ ጋር ቀላቅለው ሞልተው፣ ጓሮ አንዲት ቁራሽ መሬት ላይ ገመድ ወጥረው ብቻቸውን ይሞክራሉ። ገመዱ በንፋስ እየተነሳ ያስቸግራቸዋል። ሰውዬው ከበሬው ጋር ሲያልፍ ያያል፣ ምንም ሳይናገር መጥቶ የገመዱን ጫፍ ይዞ ይቆማል። እዛ ላይ ያልቃል።

ያሰሩኝ ሰዎች ባለሙያቸው አንብቦ ሲመልስልኝ ሴትዮዋም የሉም ሰውዬውም የለም፣ ንፋሱም የለም። የቀረው "በመስመር መካከል ያለው ርቀት 20 ሳንቲ ሜትር ይሁን" ሚል ድምጽ ብቻ ነው። እውነቱን ልንገራችሁ ሁለት ቀን እንቅልፍ አጣሁ።

ከዛ ይሄን ስራ ከኛ በፊት ማን ሰርቶት ያውቃል ብዬ ማንበብ ጀመርኩና ፈረንሳዮቹ ጋ ደረስኩ። ከአንደኛው የአለም ጦርነት በኋላ፣ በፈረንጆቹ 1923፣ የግብርና ሚኒስቴራቸው የራሱን የፊልም ክምችት አቋቁሞ ለትምህርት ቤቶች፣ ለገጠር ማዘጋጃ ቤቶች፣ ለገበሬ ማህበራት ያውስ ነበር፣ ያውም በነጻ። ድምጽ የሌላቸው ፊልሞች ናቸው፣ ስለ ማዳበሪያ፣ ስለ ላም፣ ስለ ተባይ። ስለነዚህ ፊልሞች ሲወራ ሁሌ ሚነሳው ዳይሬክተሩ ዣን ቤኗ ሌቪ ነው፣ ሰውዬው በህይወቱ ከ300 በላይ ትምህርታዊ ፊልም ሰርቷል። እኔ ግን መጠየቅ ምፈልገው ሌላ ነው። የግብርና ባለሙያው የሰጠውን ትምህርት ወስዶ እናትና ባል ያደረገው፣ ገመዱ ላይ ንፋስ ያመጣው ሰው ማን ነው? አንድ ቦታ ማሪ ኤፕስታይን ሚል ስም አየሁ። ሚያውቃት ካለ እባካችሁ።


አቤል ከፓሪስ፦

ሰብለ እህቴ፣ ጥያቄሽ ልቤን ነካው፣ ምክንያቱም እኔም እሷን ያገኘኋት የሌላ ሰው ስም ስፈልግ ነው።

ማሪ ኤፕስታይን 1899 ዋርሶ ተወልዳ 1995 እዚሁ ፓሪስ አረፈች። ወንድሟ ዣን ኤፕስታይን ነው፣ የድምጽ አልባ ሲኒማ ትልልቅ ከሚባሉት አንዱ። 1923 የወጣውን፣ "ታማኝ ልብ" ልንለው ምንችለውን ፊልሙን አብራው ጽፋለች፣ ደሞ ራሷም ትተውንበታለች፣ ማርሴይ ወደብ አጠገብ ምትኖረዋ እግሯን ምትጎትት ጎረቤት እሷ ናት። ብዙ ሰው ያን ፊልም አይቶ ስለ መዝናኛ ቦታው ተሽከርካሪ መጫወቻ ትዕይንት ያወራል፣ ያቺን ጎረቤት ግን ማንም ስሟን አይጠይቅም። ከዛ በኋላም ለወንድሟ ደጋግማ ጽፋለታለች።

በሃያዎቹ መጨረሻ ደሞ ከቤኗ ሌቪ ጋር መስራት ጀመረች፣ እስከ ሁለተኛው ጦርነት ዋዜማ ድረስ አብረው ነበሩ። ትጽፋለች፣ ታዘጋጃለች፣ አብራ ትመራለች። አንቺ ለጠየቅሽው ቅርብ የሆነው 1929 የወጣው "የኮክ ቆዳ" ነው፣ የኮክ ቆዳ ማለት የልጁ ቅጽል ስም ነው። ሞንማርትር ሚባለው የፓሪስ ሰፈር ውስጥ ተጎሳቁሎ ያደገ የከተማ ልጅ ወደ ገጠር ይሄድና እዛ ሰው ይሆናል፣ አፈሩን ይለምዳል። ስለ እርሻ አንድም ሌክቸር ሳይሰጥ ገጠሩን እንድትወጂው ያደርግሻል።

ትልቁ ስራቸው ግን 1933 የወጣው ስለ ድሃ ሰፈር መዋዕለ ህጻናት ሚያወራው ነው። ልጆቹ ተዋናይ አይደሉም፣ ከድሃ ሰፈር የመጡ እውነተኛ ልጆች ናቸው። አንዲት እናቷ ጥላት የሄደች ልጅ አለች፣ ምትወዳትን ሞግዚት ሌላ ሰው ሊወስድባት መሰላትና ወንዝ ዳር ሄደች፣ ውሃው ላይ ያየችው ነጸብራቅ ሌላ ሀዘን ሆነባትና ራሷን ወረወረች፣ ደግነቱ ታተርፋለች። ያን ትዕይንት ስታይ ማንም አያስረዳሽም፣ የልጅቷ አይን ብቻ ነው ያለው። የጻፈው ሰው ልጅ ሲከፋው የት እንደሚያይ ያውቃል። 1934 ደሞ ሞሮኮ አትላስ ተራራ ሄደው በርበር ሚባሉት የአገሩ ነባር ህዝቦች በራሳቸው ቋንቋ ሚናገሩበት ፊልም ሰርተዋል፣ በዛ ዘመን ይሄ ቀላል ነገር አልነበረም።

በጀርመን ወረራ ጊዜ እሷንም ወንድሟንም ጌስታፖ፣ የናዚ ሚስጥር ፖሊስ፣ ይዟቸው ነበር፣ በወዳጆችና በቀይ መስቀል በኩል ነው የተረፉት። ከጦርነቱ በኋላ ፊልም አልመራችም ማለት ይቻላል፣ የፈረንሳይ ሲኒማቴክ፣ ማለት የፊልም ቤተ መዛግብት፣ ገብታ እስከ 1977 የተበላሹ የድሮ ፊልሞችን ስትጠግን ኖረች፣ የወንድሟን ጭምር። እኔ ምታመመው እዚህ ጋ ነው፣ የሌላውን ሰው ስም ስታድን ኖራ የራሷ ግን ብዙ ጊዜ "ረዳት" ተብሎ ይታለፋል፣ ፖስተሩ ላይ ሁለቱም ስም እያለ እንኳ ሰው ሚጽፈው ቤኗ ሌቪ ብሎ ነው።


የድሮ ኦፕሬተር፦

ልጄ ሰብለ፣ እኔ እድሜዬን ሲኒማ ቤት ማሽን ክፍል ውስጥ ነው የጨረስኩት፣ ስለ ማሪ አቤል ነግሮሻል። እኔ ምነግርሽ ስለ ማሽኑ ነው፣ ማሽኑን ካላወቅሽ እነዛ ሰዎች ለምን እንደዛ እንደጻፉ አይገባሽም።

በዛን ጊዜ ትልቁ 35 ሚሊ ሜትር ፊልም ናይትሬት ነው፣ እሳት ከነካው አለቀ፣ ውሃ ውስጥ እንኳ ይነዳል። ያን ይዘሽ በሳር የተሞላ ግርግም ወይ ልጆች የታጨቁበት ክፍል መግባት ማለት አስቢው። ለዛ ነው ፓቴ ሚባለው የፈረንሳይ ፊልም ኩባንያ ማይነድ ፊልም በትንሽ መጠን ማውጣት የጀመረው። 1912 ፓቴ ኮክ ሚባል 28 ሚሊ ሜትር መጣ፣ መብራት ለሌለበት ቤት የተሰራ ነው፣ እጀታውን ስታዞሪ ፊልሙም ይሄዳል ውስጡ ያለው ዳይናሞም አምፖሉን ያበራል። ክንድሽ ሲደክም ስዕሉም ይደክማል ማለት ነው። እስቲ አስቢ፣ አስተማሪው ሸሚዙን ሰብስቦ እያዞረ፣ ገበሬው ጨለማ ውስጥ ተቀምጦ፣ የላሟ ጡት በመምህሩ ክንድ ጉልበት ልክ ደመቅ ፈዘዝ ሲል።

1922 መጨረሻ ላይ ፓቴ ቤቢ መጣ፣ 9.5 ሚሊ ሜትር፣ ቀዳዳው መሀል ላይ ነው። ለጸሐፊ ይሄኛው ነው ጉዳዩ። ፊልሙ አጭር ስለሆነ ጽሁፍ በሚታይበት ቦታ ፊልም እንዳይባክን ጠርዙ ላይ ትንሽ ጎድጎድ ያለ ምልክት አደረጉለት፣ ማሽኑ እሱ ላይ ሲደርስ ፍሬሙ ለጥቂት ሰከንድ ቀጥ ይላል፣ ሰው አንብቦ ሲጨርስ ይቀጥላል። ስለዚህ ጸሐፊው ያለው እድል በጥቂት ሰከንድ ፊደል በቅጡ ያልለመደ ሰው ሚያነበው አንድ አረፍተ ነገር ነው። "20 ሳንቲ ይሁን" ሚለው ባለሙያሽ እዛ ቢሆን ኖሮ ጽሁፉ ባላለቀለት ነበር፣ የግድ በእጅ በእግር ማሳየት ነበረበት።

1927 ደሞ ስሙም ፓቴ ሩራል ነው፣ የገጠር ማለት፣ 17.5 ሚሊ ሜትር፣ የትልቁ ግማሽ። ትንንሽ መንደሮች ውስጥ ሲኒማ እንዲኖር ያደረገው እሱ ነው። ጀርመኖች ሲገቡ ከለከሉት፣ መሳሪያውም ፊልሙም በዛው ጠፋ። ከድሮው ብዙ ነገር ያልተረፈበት አንዱ ምክንያት ይሄ ነው ልጄ፣ ስሙ የተረሳው ሰው ብቻ አይደለም፣ የተጻፈበት ፊልም ራሱ ሚጫወትበት ማሽን አጥቶ ቀረ።


ሰብለ፦

ጋሼ እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ የመምህሩ ክንድ ነገር ከአይኔ አልጠፋም። አቤል አንተንም በጣም አመሰግናለሁ፣ ያቺ እግሯን ምትጎትት ጎረቤት ትዕይንት ካለህ ንገረኝ የት እንደማየው።


ሄኖክ ታ፦

አንድ ነገር ላስተካክል፣ በቅንነት ነው። ማሪን ማድነቃችሁ ልክ ነው እኔም አደንቃታለሁ፣ ግን ሁሉንም የግብርና ፊልም እሷ ላይ እንዳንጭን። የሷ እጅ በግልጽ ሚታየው ረጃጅሞቹ ታሪክ ያላቸው ፊልሞች ላይ ነው። አጫጭሮቹ የሚኒስቴሩ ፊልሞች ሌላ አሰራር ነበራቸው። ቤኗ ሌቪ ራሱ ደጋግሞ እንደሚለው ትምህርታዊ ፊልም ሁለት ሰው ይፈልጋል፣ ትምህርቱን ሚያውቅ ባለሙያና ሲኒማ ሚያውቅ ሰው፣ አንዱ ያለ ሌላው ከሰራው ይበላሻል ነው ሚለው። ሰብለ ባለሙያሽ ጠላትሽ አይደለም ማለቴ ነው፣ ቦታውን ስለሳተ ነው እንጂ።

ደሞ መንግስት ለምን ገንዘብ እንዳወጣ እንዳንረሳ። ፈረንሳይ በአንደኛው የአለም ጦርነት ወደ 1.4 ሚሊዮን ወታደር ሞቶባታል፣ ብዙው ገበሬ ነው። መንደር ስትሄጂ ሀውልቱ ላይ የአንድ ቤተሰብ ስም ሶስቴ አራቴ ተጽፎ ታገኛለሽ። የተረፈው ወጣት ደሞ ወደ ከተማ ይነጉዳል፣ በ1931 ቆጠራ ለመጀመሪያ ጊዜ የከተማው ህዝብ ከገጠሩ በለጠ። በዛ ላይ ተባይ አለ፣ ድንች ሚበላው የኮሎራዶ ጢንዚዛ 1922 ቦርዶ አካባቢ ገባና ቀስ በቀስ አገሩን ሞላው። ስለዚህ ፊልሞቹ ማዳበሪያ ብቻ አልነበረም ሚሉት፣ አትሂዱ፣ መሬቱ ላይ ቆዩ፣ ከተማ ይበላችኋል ነው ሚሉት። "የኮክ ቆዳ"ም እዛው መስመር ላይ ነው። እኔ ይሄን ሳስብ ትንሽ ይከብደኛል፣ ምክንያቱም ወደ ከተማ የሄደው ልጅ ሁሉ ሞኝ አልነበረም፣ መብራት ፈልጎ ነው የሄደው፣ ደሞዝ ፈልጎ። ለሱ ማን ጻፈለት?

አንድ ምወደውን ነገር ልጨምር። ዣን ኮማንዶን ሚባል ሀኪም ነበር፣ በማይክሮስኮፕ ፊልም በመቅረጽ ነው ሚታወቀው፣ በኋላ የተክል እድገትን ቀስ እያለ ፍሬም በፍሬም እያነሳ ቀናቱን ወደ ሰከንድ አሳጠራቸው። ዘሩ ሲሰነጠቅ፣ ስሩ አፈር ሲፈልግ፣ ቅጠሉ ሲተነፍስ ታያለሽ። ይሄ ያለ ስክሪፕት ታሪክ አለው፣ እድሜውን ሙሉ ዘር የዘራ ሰው እንኳ አይቶት ማያውቀውን ነው ሚያሳየው።

ቤኗ ሌቪ ደሞ አይሁዳዊ ስለነበር ወረራው ሲመጣ ወደ ኒውዮርክ ሸሽቶ ሄደ፣ እዛ አስተማረ፣ በኋላም የተባበሩት መንግስታትን የፊልም ስራ መራ። እሱ መሄጃ አገኘ፣ እነ ማሪ ግን እዛው ነበሩ።


መሰረት ዲኤ፦

ሰብልዬ እኔ የልማት ሰራተኛ ነኝ፣ ምስራቅ ጎጃም ነው ምሰራው፣ አንቺ ምትጽፊያቸውን አይነት ቪዲዮዎች በትንሽዬ ፕሮጀክተር ማታ ማታ ምናሳየው እኛ ነን። ስለ ፈረንሳይ ማውቀው የለም፣ አሁን ከናንተ ነው የተማርኩት፣ ግን ከተመልካቹ ጎን ልንገርሽ።

አምና አንድ ቪዲዮ መጣልን፣ በመስመር ስለመዝራት ነው፣ ሁሉ ነገሩ ልክ ነው፣ ርቀቱ ልክ፣ የዘር መጠኑ ልክ። ግድግዳ ላይ ነጠላ ሰቅለን አሳየን። ሲያልቅ ጥያቄ አላችሁ ወይ ስል ጸጥ አለ። ከዛ አንድ አባት ተነስተው "ልጄ፣ ያ ሰውዬ ጫማው ንጹህ ነው" አሉኝ። በቃ ይሄን ብቻ ብለው ተቀመጡ። ሌሎቹም አዎ አዎ አሉ። ሰውዬው እርጥብ ማሳ ውስጥ ገብቶ ጫማው ጭቃ አልነካውም፣ ስለዚህ ገበሬ አይደለም፣ ገበሬ ካልሆነ ደሞ ሚናገረው ለኛ አይደለም ማለታቸው ነው። ሁሌ ሚጠይቁኝ የመጀመሪያ ጥያቄ የየት ቀበሌ ነው ሚል ነው። ምርቱ ስንት ነው ሚለው ሁለተኛ ነው። ሶስተኛው ደሞ በመስመር ለመዝራት ስንት ሰው ይፈጃል ሚለው ነው፣ እሱ ላይ መልሱን ደብቀን ካሳየን በነጋታው ማንም አይሞክርም፣ ምክንያቱም ጉልበት ይበላል፣ እነሱም ያውቁታል።

ያንቺ ታሪክ ላይ ንፋሱ ገመዱን ሲያነሳው ማለትሽ እኔን በጣም ደስ ብሎኛል፣ እሱን እንዳታወጪው። እውነት ነው፣ ገመዱን አንድ ሰው ብቻውን አይችለውም፣ ያ ራሱ ለሶስተኛው ጥያቄ መልስ ነው፣ ሁለት ሰው ይፈልጋል። ሰውዬው ጫፉን ሲይዝ ሴቶቹ ሁሉ ይስቃሉ ብዬሻለሁ፣ እያንዳንዳቸው ቤት ያለ ነገር ነው።

ሌላ ደሞ፣ 20 ሳንቲውን ማንም በሜትር አይለካም። እኛ ጋ እናቶች ገመዱ ላይ በስንዝር እየለኩ ቋጠሮ ያስራሉ፣ ከዛ በቋጠሮው ነው ሚሄዱት። የሴት ስንዝር ሃያ ሳንቲ ገደማ ነው፣ ትንሽ ይበልጣል ትንሽ ያንሳል።


አቤል ከፓሪስ፦

መሰረት ያልሽው ጫማ ነገር አንድ ሰው አስታወሰኝ። ጆርጅ ሩኪዬ ሚባል ነበር፣ መጀመሪያ ማተሚያ ቤት ፊደል ሚለቅም ሰራተኛ ነው። 1929 በራሱ ገንዘብ ስለ ወይን ለቀማ አጭር ፊልም ሰራ፣ ጠፍቷል። በጦርነቱ ጊዜ ስለ በርሜል ሰሪ፣ ስለ ጋሪ ሰሪ አጫጭር ሰራ። ከዛ አቬሮን ወደ ሚባለው የዘመዶቹ አገር ሄዶ አንድ የገበሬ ቤተሰብ ላይ አመት ሙሉ ካሜራ ይዞ ቆየ፣ ፊልሙ 1946 ወጣ፣ ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይም የተቺዎችን ሽልማት አገኘ። ተዋናይ የለም፣ ሁሉም የራሱ ዘመዶች ናቸው፣ ዳቦ ይጋገራል፣ ቤቱ ይታደስ አይታደስ ይጨቃጨቃሉ፣ መብራት እናስገባ አናስገባ ይባላል፣ ሽማግሌው ይሞታል። ሄኖክ ያልከው መብራት ፈላጊ ልጅ እዛ ውስጥ አለ፣ ገበታው ላይ ተቀምጦ ነው ሚከራከረው።

ጫማቸው ጭቃ ነው ሁሌ።


የድሮ ኦፕሬተር፦

ልጄ ሰብለ፣ የመሰረትን ቋጠሮ ልብ ብለሻል? ባለሙያው የፈለገው 20 ሳንቲ እኮ ሴትዮዋ እጅ ውስጥ ነበር።


ሰብለ፦

ጋሼ አሁን እሱን ነው ስጽፍ ያመሸሁት። መሰረትዬ ሳልጠይቅሽ ወስጄዋለሁ፣ ፊልሙ ላይ ስምሽ አብሮ እንዲጻፍ እጠይቃለሁ፣ አቤል ስለ ማሪ ስም መረሳት ያለው ነገር ከአእምሮዬ አልወጣም።

አሁን እንዲህ ሆኗል። ሲነጋጋ ነው፣ እናትየው ደጃፍ ተቀምጠው ገመዱን ጉልበታቸው ላይ አድርገው በስንዝር እየለኩ ይቋጥራሉ፣ ማንም አይናገርም፣ ስድስት ሰባት ቋጠሮ ድረስ እናያለን። ከዛ ማሳው፣ ንፋሱ፣ ሃይላንዱ። ሰውዬው መጥቶ ጫፉን ይይዛል፣ እግሩ እስከ ቁርጭምጭሚቱ ጭቃ ነው። ከዛ ዝቅ ብሎ አንዱን ቋጠሮ በራሱ ስንዝር ይለካዋል፣ የሱ ስንዝር ስለሚበልጥ ያልፈዋል፣ ቀና ብሎ ያያቸዋል፣ እሳቸው "በኔ ነው ሚለካው" ይሉታል። ንግግሩ ያቺ ብቻ ናት።

ባለሙያውን ደሞ ደውዬ ለማክሰኞ ማሳ ላይ እንድንገናኝ ጠየቅኩት፣ እሺ ብሎኛል፣ ሜትሩን ይዞ ይመጣል።